ችግኙ ሲተከል፣ መራጩ ሲነቀል

በማኅበራችን ልሳን ላይ ስለ አገራችን ፓርቲዎች ሲጻፍ ክርክሩ አብዛኛውን ጊዜ የሚያጠነጥነው በሥልጣን አያያዝ፣ በብሔረሰቦች ጥያቄና በሕገ መንግሥቱ ላይ ነው። የእነዚህ ጥያቄዎች ታላቅነት አይካድም። ይሁን እንጂ ከሁሉም ሥር ያሉት አፈር፣ ውሃና ዝናብ የፓርቲ ጉዳይ መሆናቸው እየተዘነጋ፣ የግብርና ባለሙያዎችና የዕርዳታ ድርጅቶች ሥራ ብቻ እየመሰሉ መጥተዋል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህን አመለካከት መቃወም ነው። እንድጽፍ ያነሣሣኝም አንድ በሽተኛ ነው።

የምማረው በሳዑዲ ዓረቢያ ደቡብ ምዕራብ ጫፍ፣ በጂዛን ነው። ከዚህ ወደ ድንበሩ ሲኬድ ሳምታ፣ ጡዋል፣ ዓሪዳ፣ ዳኢር የሚባሉ ከተሞች አሉ፤ ከእነርሱ ቀጥሎ የመን ነው። የእኛ ሰው ከኦቦክ ባሕሩን ተሻግሮ፣ የመንን ከደቡብ እስከ ሰሜን አቋርጦ የሚደርሰው እዚህ ነው። አማርኛ የሚችል ሰው ሲፈለግ አንዳንድ ጊዜ እኔ እጠራለሁ። አንድ ሌሊት ከድንበሩ ከተሞች በአንዱ፣ ድንገተኛ ክፍል ውስጥ የተጠራሁት ለአንድ የወሎ ልጅ ነበር። ቁርጭምጭሚቱ ተሰብሯል፤ ከንፈሩ ተሰነጣጥቋል፤ ከጥምና ከእግር ጉዞ ብዛት ሽንቱ እንደ ሻይ ጠቁሯል። «አብሽር» አልሁት፤ የአገሩን ቃል ሲሰማ ዓይኑን ገለጠ።

ጉሉኮሱ ካለቀ በኋላ የሕመሙን ታሪክ እየጠየቅሁ መጻፍ ጀመርሁ። ሥራ? «ገበሬ።» መሬትህ ስንት ነው? «የአባቴ ሦስት ጥማድ ነው። እኛ ወንድማማቾቹ አምስት ነን።» የቀረውን ሳልጠይቀው ነገረኝ። በልጉ ሁለት ዓመት ተከታትሎ ቀረ፤ ክረምቱ ዘግይቶ ገብቶ ቶሎ ወጣ፤ አንዱ በሬ ለእህል ተሸጠ፤ የሁለተኛው በሬ ዋጋ የደላላ ሆነ። እኔም ከሕክምናው ቅጽ ውጭ የሆነ ጥያቄ አነሣሁ፦ በ2013 ዓ.ም. መርጠህ ነበር? ፈገግ አለ። «አዎ ወንድሜ። ካርዱንም ከተትሁ፣ ችግኙንም ተከልሁ። ለሁለቱም ተሰልፌአለሁ።» ትንሽ ቆይቶ «የጸደቀ ግን አላየሁም» አለ። ከሁለቱ የትኛውን ማለቱ እንደሆነ አልጠየቅሁትም።

እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው፦ መሬቱ ሲደክም፣ ዝናቡ ሲዛባና መራጩ ሲለወጥ አንድ ፓርቲ መልስ ሰጠ የሚባለው ምን ሲያደርግ ነው?

ችግኝ መትከል የፓርቲ መልስ ነውን?

የአረንጓዴ ዐሻራ ዘመቻ በ2011 ዓ.ም. ተጀመረ። በዚያው ዓመት ሐምሌ 22 ቀን፣ በአንድ ቀን ብቻ ከ350 ሚሊዮን በላይ ችግኝ መተከሉን መንግሥት አስታወቀ። በአራት ዓመት 20 ቢሊዮን ችግኝ የመትከል ዕቅድም ወጣ። በኅዳር 2012 የተመሠረተው ብልጽግና ፓርቲም ዘመቻውን ከዋና ዋና መታወቂያዎቹ አንዱ አደረገው።

ለፍትሕ ሲባል መባል ያለበትን እንበል። የተራቆተ ተራራ ዛፍ ያስፈልገዋል። ሕዝብ አካፋና ዶማ ይዞ ሲወጣ የሚያላግጥ ሰው አገሩን አይወድም። እኔም ተማሪ ሳለሁ ተክያለሁ። የምንከራከረው ችግኝ ይተከል አይተከል በሚለው ላይ አይደለም። የምንከራከረው ችግኝ መትከል ለአንድ ፓርቲ እንደ በቂ መልስ ሊቆጠርለት ይገባል ወይ በሚለው ላይ ነው።

አይገባም። ማስረጃው ደግሞ እኔ ያለሁበት አገር ነው። የሳዑዲ ዓረቢያ መንግሥት እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2021 በግዛቱ ውስጥ 10 ቢሊዮን ዛፍ ለመትከል ማቀዱን አስታውቋል። በዚህ አገር ፓርቲ የለም፤ የፓርላማ ምርጫም የለም። ስለዚህ ዛፍ ለመትከል ፓርቲም መራጭም አያስፈልግም ማለት ነው፤ ትእዛዝና በጀት ይበቃል። ታዲያ ፓርቲ ለምን ያስፈልጋል? ፓርቲ የሚያስፈልገው ትእዛዝ ሊመልሳቸው የማይችላቸውን ጥያቄዎች ለመመለስ ነው፦ ዛፉ የማን ነው? የተከለለው ተራራ የማን ግጦሽ ነበር? መሬት የሌለው ወጣት ከየት ያገኛል? ወንዙ ለመስኖ ሲጠለፍ በታች ያለው ምን ይጠጣል? ኪሣራውን ማን ይከፍላል? በእነዚህ ላይ ሰዎች ይለያያሉ፤ ስለሚለያዩም ይመርጣሉ።

ታሪካችንም ይህንኑ ይመሰክራል። ደርግ ተክሏል። በወሎና በትግራይ በምግብ ለሥራ ብዙ እርከን ተሠርቷል፤ ብዙ ኮረብታ ተከልሏል። በ1983 ዓ.ም. ደርግ ሲወድቅ ግን በብዙ ቦታ ገበሬው የኅብረተሰብ ደን የሚባለውን በመጥረቢያ አወረደው። ገበሬው የዛፍን ጥቅም ሳያውቅ ቀርቶ ነውን? አይደለም። በቤቱ ጓሮ ያለውን ባሕር ዛፍ እንደ ልጁ ይንከባከባል። የቆረጠው ሳይጠየቅ የተተከለውን፣ የመንግሥት ነው ብሎ ያመነበትን ነው።

ሁለት ረኀብ፣ ሁለት መንግሥት

በአገራችን የመሬትና የዝናብ ችግር መንግሥታትን የጣለ ጉዳይ ነው። በ1965 ዓ.ም. ወሎ ሲራብ የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት ወሬውን ሸፈነ። በዚያው ዓመት ሚያዝያ ላይ የዩኒቨርሲቲ መምህራን ወሎ ወርደው ያነሡትን ፎቶግራፍ አዲስ አበባ ላይ አሳዩ፤ ተማሪውም ተንቀሳቀሰ። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ያነሣው ፊልም መስከረም 1 ቀን 1967 በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ታየ፤ በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። በጊዜው ፓርቲ የሚባል በሕግ አልነበረም። የተራበው ሰው የሚቀጣበት ካርድ አልነበረውም።

ከዚያ በኋላ የመጣው መንግሥት ፓርቲ ነበረው። ኢሠፓ የተመሠረተው በጳጉሜን 1976 ነው። የአብዮቱ 10ኛ ዓመት በዓል በአዲስ አበባ በታላቅ ድምቀት ሲከበር በኮረም ሰው እየረገፈ ነበር፤ በጥቅምት 1977 ዓለም ሁሉ አየው። የፓርቲው መልስ ሠፈራ ነበር፤ ወደ 600,000 የሚጠጋ ሕዝብ ከሰሜን ወደ ደቡብና ወደ ምዕራብ ተጓጓዘ። ተቃዋሚ በሌለበት አንድ ፓርቲ ስለ ተራበው ሕዝብ ብቻውን አሰበ፣ ብቻውን ወሰነ፣ ብቻውን ፈጸመ። ስሕተቱን የሚነግረው አልነበረም። ከዚህ የምንማረው ግልጽ ነው፦ ፓርቲ መኖሩ ብቻውን ዋስትና አይሆንም። ዋስትና የሚሆነው ፓርቲው መራጩን ሊያጣ እንደሚችል ሲያውቅ ነው።

ፓርቲ የሚለወጠው መቼ ነው?

እዚህ ላይ የጀርመንን ሁኔታ ማንሣት ይጠቅማል። አረንጓዴዎቹ እ.ኤ.አ. በ1980 ፓርቲ መሠረቱ። በ1983 ከመቶ 5.6 ድምፅ አግኝተው ምክር ቤት ገቡ። ከዚያ ወዲህ ትልልቆቹ ፓርቲዎች መራጭ እየሸሻቸው መሆኑን አዩ። በ1986 ቼርኖቤል ሲፈነዳ የኮል መንግሥት ሁለት ወር ሳይሞላ የአካባቢ ጥበቃ ሚኒስቴር አቋቋመ። አንጌላ ሜርክል በ2010 የኑክሌር ጣቢያዎቹን ዕድሜ አራዘሙ፤ በ2011 የፉኩሺማ አደጋ ደርሶ የሕዝቡ ስሜት ሲገለበጥ ራሳቸው መልሰው አሳጠሩት። እነዚህ ወግ አጥባቂ ፖለቲከኞች በአንድ ሌሊት የዛፍ ወዳጅ አልሆኑም። መራጩ ተንቀሳቀሰ፤ ፓርቲውም ተከተለው።

የአገራችን የምርጫ ሥርዓት ግን በእያንዳንዱ የምርጫ ክልል ብዙ ድምፅ ያገኘው ወንበሩን የሚወስድበት ነው። ከመቶ 5.6 ድምፅ በመላ አገሪቱ ተበትኖ ያገኘ ፓርቲ በእኛ ሥርዓት አንድ ወንበር ላያገኝ ይችላል። ስለዚህ አንድን አሳሳቢ ጉዳይ ይዞ የሚነሣ ትንሽ ፓርቲ ትልቁን ለማስደንገጥ ያለው ዕድል ጠባብ ነው።

በምርጫ ታሪካችን የመሬት ጥያቄ በግልጽ ለመራጩ የቀረበው በ1997 ዓ.ም. ነበር። ኢሕአዴግ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ሆኖ ይቀጥል፣ አለዚያ ገበሬው በችግሩ ቀን ሸጦ ይነቀላል አለ። ቅንጅት መሬት የግል ይሁን፣ ገበሬው የራሱ ያልሆነውን አይንከባከብም አለ። ከሁለቱ የትኛው ትክክል እንደነበረ እዚህ ላይ አንፈርድም። ቁም ነገሩ መራጩ ሁለት የተለያዩ መልሶች ፊት ለፊት ቀርበውለት ማነጻጸር መቻሉ ነው። ያ በር ከምርጫው ማግሥት ተዘጋ። በግንቦት 2007 ኢሕአዴግና አጋሮቹ 547ቱንም ወንበር ያዙ። በታኅሣሥ 2008 በድርቁ ምክንያት አስቸኳይ የምግብ ዕርዳታ የሚያስፈልገው ሕዝብ 10.2 ሚሊዮን ደረሰ። በዚያ ፓርላማ ውስጥ «ለምን?» ብሎ የሚያፋጥጥ አንድም የተቃዋሚ ተመራጭ አልነበረም። በፓርላማ ያልተነሣው ጥያቄ በመንገድ ተነሣ፤ በኅዳር 2008 በጊንጪ የጀመረው ተቃውሞ ዋና መነሻው የአዲስ አበባ ዙሪያ ገበሬን መሬት የሚነካው ማስተር ፕላን ነበር። በጥር ዕቅዱ ተሠረዘ፤ እስከዚያ ግን የብዙ ሰው ደም ፈስሷል።

በሰኔ 14 ቀን 2013 በተጀመረው ምርጫም ብልጽግና ከ436 ወንበሮች 410 ሲያገኝ አብን 5፣ ኢዜማ 4 አገኙ። በትግራይ ድምፅ አልተሰጠም። በእነዚያ ዓመታት በቦረናና በሶማሌ ክልል አምስት የዝናብ ወቅቶች ተከታትለው ከሸፉ፤ አርብቶ አደሩ ከብቱን በዓይኑ እያየ ቀበረ። ይህን ያየ ገዥ ፓርቲ የሚፈራው ምን ነበር?

የተነቀለው መራጭ

አሁን ወደ ዋናው ነጥብ እንምጣ። የጀርመኑ መራጭ ካርዱን ይዞ ወደ ሌላ ፓርቲ ሄደ። የእኛ መራጭ ካርዱን ጥሎ ወደ ሌላ አገር ሄደ። ልዩነቱ ይህ ነው። መሬቱ ሲደክም በፓርቲው ላይ በመጀመሪያ መቆጣት የሚገባው ሰው በመጀመሪያ የሚሰደደውም እርሱ ነው። የምርጫ ክልሉ ግን ወንበሩን አያጣም። ሰውየው ሄደ፤ ወንበሩ ቀረ፤ ፓርቲው የከሠረው ነገር የለም።

ይህ ሰው ማነው? ሕገ መንግሥታችን በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው ይላል፤ ገበሬው ያለ ክፍያ መሬት የማግኘት መብት እንዳለውም ይደነግጋል። በአማራ ክልል ግን የመጨረሻው ሰፊ የመሬት ድልድል የተደረገው በ1989 ዓ.ም. ነው። ከዚያ ወዲህ የተወለደ ገበሬ፣ እኔም በዕድሜ ከእነርሱ አንዱ ነኝ፣ መብቱ በወረቀት ላይ ነው፤ መሬቱ የአባቱ ነው፤ የአባቱም መሬት በውርስ ሲከፋፈል ማረሻ ለማዞር የማይበቃ ይሆናል። የተለወጠው መራጭ ይህ ነው፦ ወጣት፣ ጥቂት የተማረ፣ መሬት የሌለው፣ ስልክ ያለው፣ የሳዑዲን መንገድ ከወረዳው ጽሕፈት ቤት መንገድ ይልቅ የሚያውቅ።

ሕጉም አይረዳውም። የምርጫ አዋጁ፣ ቁጥር 1162/2011፣ መራጭ ሊመዘገብ የሚችለው በምርጫ ክልሉ ቢያንስ 6 ወር የኖረ ከሆነ ነው ይላል። ለሥራ በየወቅቱ ወደ መተማና ወደ ሁመራ የሚወርደው ሰው በዚህ ይቸገራል። ባሕር የተሻገረው ደግሞ ጨርሶ የለም፤ በ2013 በጂዛንም ሆነ በሌላ የውጭ ከተማ የኢትዮጵያ የምርጫ ጣቢያ አልነበረም። በ2006 ዓ.ም. ሳዑዲ ዓረቢያ ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያንን ስትመልስ አገር ሁሉ በቦሌ አውሮፕላን ማረፊያ አለቀሰ። ምርጫው ከአንድ ዓመት ጥቂት ፈቀቅ ብሎ ነበር። ያን ያህል ሕዝብ ድምፁ የት ገባ? ብዙዎቹስ ያንኑ መንገድ መልሰው አልጀመሩትምን?

የመንገዱም ዋጋ ቀላል አይደለም። ሂዩማን ራይትስ ዎች እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2023 ባወጣው ዘገባ ከመጋቢት 2022 እስከ ሰኔ 2023 በነበረው ጊዜ የድንበር ጠባቂዎች ቢያንስ በመቶዎች የሚቆጠሩ ኢትዮጵያውያንን በዚህ ድንበር ገድለዋል ብሏል፤ የሳዑዲ መንግሥት ክሱን መሠረተ ቢስ ነው ሲል አስተባብሏል። ሰው ይህን ሰምቶም ይመጣል። ሰምቶ የሚመጣ ሰው ከኋላው ያለው ምን ቢሆን ነው?

«ይህ የጠገበ ሰው ወግ ነው»

አንዳንድ ጓዶች የአካባቢ ጥያቄ የአውሮፓ ጥጋብ የወለደው ነው፣ ለእኛ መጀመሪያ ዳቦ ይቅደም ይላሉ። ይህ ስሕተት ነው፤ ስሕተቱንም ጂዛን ራሷ ታሳያለች። እ.ኤ.አ. በ2000 የስምጥ ሸለቆ ትኩሳት የሚባለው በሽታ በጂዛንና በየመን ተነሣ። በሽታው በትንኝ የሚተላለፍ የከብትና የሰው በሽታ ሲሆን ከባድ ዝናብ ሲጥል ይፈላል፤ ከአፍሪካ ምድር ውጭ በወረርሽኝ መልክ ሲታይ ያ የመጀመሪያው ነበር። በሳዑዲ በኩል ብቻ ከመቶ የሚበልጥ ሰው ሞተ። ሳዑዲ ከአፍሪካ ቀንድ የቁም ከብት ማስገባትን አገደች። በበርበራና በቦሳሶ ወደቦች በኩል በግና ፍየል የሚሸጠው የሶማሌ ክልል አርብቶ አደር ገበያው ተዘጋበት። ዝናብ፣ ትንኝ፣ ፍየል፣ ገበያ፣ ዳቦ፤ አንዱ ከሌላው አይለይም። ለእኛ አካባቢ ማለት ዳቦው ራሱ ነው።

ሌሎች ደግሞ ተቃዋሚው በታፈነበት፣ ጦርነት በነገሠበት ጊዜ ይህን ማንሣት ቅንጦት ነው ይላሉ። የአፈናው ነገር እውነት ነው። ነገር ግን ተቃዋሚዎቻችን በታሠሩበትም ባልታሠሩበትም ጊዜ ለዚህ ጥያቄ የሰጡት ቦታ ትንሽ ነው። በፕሮግራም መጨረሻ ላይ «የተፈጥሮ ሀብት ይጠበቃል» የሚል አንድ አንቀጽ ማስፈር መልስ አይደለም። መልስ የሚኖረው ማን ምን እንደሚያገኝና ማን ምን እንደሚያጣ ሲነገር ነው።

ምን እንጠይቅ?

አንደኛ፣ ማንኛውም ፓርቲ የተተከለውን ሳይሆን የጸደቀውን ይቁጠር፤ ከጸደቀው ዛፍም የመቁረጥና የመሸጥ መብቱ የማን እንደሆነ ይናገር። በትግራይ አብርሃ ወ አጽብሃ የተባለው መንደር እ.ኤ.አ. በ2012 የኢኳቶር ሽልማትን ያገኘው ነዋሪው ግጦሹን በራሱ ደንብ ከልሎ፣ ውሃውን መልሶ፣ ፍሬውን ራሱ ስለበላ ነው።

ሁለተኛ፣ ከ1989 ወዲህ ለተወለደው የገጠር ወጣት እያንዳንዱ ፓርቲ መሬትን በሚመለከት ያለውን አቋም በግልጽ ያስቀምጥ። የመንግሥት ይሁን የሚል ለዚህ ወጣት ከየት እንደሚያመጣ፣ የግል ይሁን የሚል በድርቅ ዓመት የሚሸጠውን ገበሬ እንዴት እንደሚጠብቅ ይንገረን።

ሦስተኛ፣ በውጭ ያለ ዜጋ ድምፅ ይሰጥ። ኬንያ እ.ኤ.አ. ከ2013 ጀምሮ ለዜጎቿ በውጭ አገር ጣቢያ ከፍታለች። ሴኔጋል ከ2017 ወዲህ በምክር ቤቷ ውስጥ ለስደተኞቿ 15 ወንበር ሰጥታለች። እኛ የማንችልበት ምክንያት የለም። በየምርጫው ሰሞን ወሎ ላይ የሚፎካከር ሁሉ ጂዛን ላይ ያለውን የወሎ ልጅ መልስ መስጠት ሲኖርበት ንግግሩ ይለወጣል።

አራተኛው ጥያቄ ለራሳችን ነው። ፓርቲዎች ወደ ዋሽንግተንና ወደ ፍራንክፈርት ገንዘብ ፍለጋ ይመጣሉ፤ ወደ ጂዛን የመጣ አላየሁም። በየአዳራሹ የምትቀመጡት እናንተ ናችሁ። እጃችሁን አንሥታችሁ ስለ ባንዲራ ከመጠየቃችሁ በፊት ስለ በልግ ዝናብ ጠይቁ። መልሱን ጻፉ፤ በዚህ ልሳን ላይ አውጡት፤ በሚቀጥለው ጊዜም ያው ሰው ሲመጣ አንብቡለት።

ያ በሽተኛ እግሩ በጄሶ ታስሮ ከመውጣቱ በፊት በስልኬ እናቱ ዘንድ ደወለ። ስለ ስብራቱ አንዲት ቃል አልነገራትም። የጠየቃት «ዝናቡ ገብቷል ወይ?» ብሎ ነው። ከአገሩ ወጥቶም አእምሮው ያለው ማሳው ላይ ነው። እንዲህ ያለውን ሰው ከመራጭነት መዝገብ መፋቅ ለአገሪቱ ከሁሉ ይልቅ የሚያስበውን መፋቅ ነው።

በየካቲት 1957 የተማሪው መፈክር «መሬት ለአራሹ» ነበር። ያ ትውልድ አራሹ መሬቱ ላይ መኖሩን አልተጠራጠረም፤ የጎደለው ባለቤትነቱ ነበር። ዛሬ እኛ የምንጠይቀው ከዚያ ይከብዳል፦ አራሹስ የት አለ? ይህን የማይመልስ ፓርቲ ቢሊዮን ችግኝ ቢተክል አገር አልተከለም።

የሕክምና ተማሪ፣ ከጂዛን